በሬ የሌለው ሰው በውሃ ላይ እንዴት ይጠራል?

መታረም የሚወድ ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም። ማረም የማይወድ ሰውም እንዲሁ። እናንተ አጋጥሟችሁ ከሆነ የት እንዳለ ንገሩኝና ሄጄ ልየው፤ ስሕተት ካገኘሁበትም አርሜው እመለሳለሁ።

የሰው ነገር ይገርማል። ከብቱን ቡቃያችን ላይ የለቀቀብንን ጎረቤት በሽማግሌ ይቅር እንላለን። ስማችንን አጣሞ የጠራንን ግን ቂም እንይዝበታለን። ልብ በሉ፤ ከስማችን አንዲት ፊደል አላጎደለብንም። ጫን ማለት በሚገባው ላይ ላላ፣ ላላ ማለት በሚገባው ላይ ጫን ስላለ ብቻ ነው። ይፋግ ገበያ ውስጥ ጨው ሲሸጥ የኖረ ነጋዴ፣ ገዢው አፉን ሲከፍት የሐሙሲት ይሁን የወንዝ ዳር፣ የቆላ ይሁን የደጋ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ይነግራችኋል። በምን አወቅህ ብትሉት፣ "አነጋገሩ ይናገራላ!" ብሎ ይስቅባችኋል። ሰው ልብሱን ይለውጣል፣ አገሩን ይለውጣል፣ ሲብስበት ስሙንም ይለውጣል፤ ሲናገር የትኛዋን ፊደል እንደሚጫናት ግን ከእናቱ ጉያ ሆኖ የሰማውን ይዞት ይሞታል።

ይህን ያልኩት እኔ አይደለሁም። በሃምሳዎቹ መጨረሻ ወረታ ላይ አስተማሪ ሳለሁ አንድ ፈረንጅ ነው የነገረኝ። ፈረንጅ ያለው ሁሉ እውነት ነው ማለቴ አይደለም። ይኸኛው ግን ያለውን ነገር ውሃ መሃል ገብቶ አስመስክሯል።

ክረምት ላይ ትምህርት ቤት ሲዘጋ አስተማሪ ምን ሠርቶ ይብላ? እኔ እንግሊዝኛዬን ይዤ የፎገራን ውሃ ሊለካ ለመጣ መሐንዲስ አስተርጓሚ ሆንኩ። ስሙ ቪታስ ይባል ነበር። ወረታ ቪታስን ምን ታድርገው? በሳምንቱ አቶ ቢተው ብላ አረፈች፤ እሱም ወደደው። ሃምሳ ዓመት የተጠጋው፣ ረጅም፣ ከሲታ፣ ፀጉሩ የጤፍ ጭድ የመሰለ ሰው ነበር። አማርኛ ሲለማመድ አንቱታው አናቱን ስላዞረው፣ "እባክህ አንተ እንባባል፤ አለዚያ ሥራ አንሠራም" ብሎ ለመነኝ። ዕድሜውን እያየሁ ቢከብደኝም እሺ አልኩት። አሁንም እርስዎ ብዬ ብጠራው ከመቃብሩ ተነሥቶ የሚቆጣኝ ይመስለኛል።

አገሩ ሊቱዋንያ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ጥሏት ወጥቶ፣ ሩስያ ስለያዘቻት መመለሻ አጥቷል። "የሩስያ ሰው ነህ?" ብሎ የጠየቀው ሰው ያን ቀን ሰላምታ አያገኝም። በወጣትነቱ የተማረው ደግሞ ስለ ውሃ አልነበረም። በቃል ውስጥ ድምፅ የት እንደሚነሣ፣ የት እንደሚወድቅ፣ ከጥንት ጀምሮም እንዴት ከፊደል ፊደል ሲዞር እንደኖረ ነበር የሚያጠናው። ስደት ላይ ድምፅ ለሚለካ ሰው ደመወዝ የሚከፍል ጠፋ፤ ውሃ ለሚለካ ተገኘ። ስለዚህ ውሃ መለካት ተማረ።

ሥራችን ቀላል ነበር። ሞተር ባላት የቆርቆሮ ጀልባ ሆነን፣ ርብ ወንዝ ሜዳውን እየዋጠ ሲመጣ ቀለም የተቀባ እንጨት እየተከልን ውሃው የት እንደደረሰ እናያለን። የቀረው ጊዜ የወሬ ነው። የቢተው ወሬ ደግሞ አንድ ብቻ ነበር።

"እይ" ይለኛል እጁን ዘርግቶ። "እጅ በእኛ ቋንቋ ራንካ ነው። ስላቮቹ፣ እነ ሩስያ፣ ሩካ ይሉታል። ሁላችንም ያንድ አያት ልጆች ነን። በአያታችን ጊዜ የቃል ጫና መንገደኛ ነበር። 'እጁ ቆሰለ' ስትል 'እጅ' ከሚለው ቃል መጨረሻ ላይ ቆሞ ታገኘዋለህ፤ 'እጁን ያዝኩት' ስትል ሮጦ መጀመሪያው ላይ ይጠብቅሃል። ኋላ ልጆቹ ተበታተኑ። ፖላንዶች መንገደኛውን ያዙና ከቃሉ መጨረሻ አንድ ቀድማ ባለችው ቤት ዘጉበት። ቼኮች ከደጃፉ፣ ከመጀመሪያዋ ላይ አሰሩት። የኛ የሥጋ ወንድሞች ላትቪያዎችም እንዲሁ አሰሩት። ሩስያዎች እንደ ልብህ ዙር ብለው ለቀቁት፤ ግን ዜማውን ቀሙት። ሰርቦች ዜማውን አልቀሙትም፤ አንድ እርምጃ ወደ መጀመሪያው ሳቡት እንጂ። እኛ ግን..." ይልና ደረቱን ይነፋል፤ "እኛ ዙረቱንም ዜማውንም ጠብቀን ያዝንለት!"

የቤተ ዘመድ ታሪክ ሲተርክ ተራኪው ሁልጊዜ ጥሩው ልጅ ነው። ሰርቦቹ ቢጠየቁ ምን እንደሚሉ እንጃ። እኔ ግን አምነው ነበር፤ ምክንያቱም ይህን ሲናገር ዓይኑ ውሃ ያቀር ነበር። አንድ ቀን የልኬት እንጨቱን እያጠበ፣ "አገርህን ሲወስዱብህ መሬቱን ነው የሚወስዱት፤ እናትህ ቃሉን ያነሣችበትን ቦታ ግን ማንም አይወስደውም" አለኝ። እኔም ጀልባዋ ውስጥ የገባውን ውሃ እየጨለፍኩ መድፋት ጀመርኩ።

ከወረታ ወረድ ብሎ፣ ርብ ዳር፣ ከፍ ባለች ጉብታ ላይ አንድ ደብር አለ። ከቅጥሩ ሥር ደግሞ እንግዳ የሚባሉ የኔታ ግዕዝ የሚያስነብቡበት ንባብ ቤት። የኔታ አጭር ናቸው፤ ድምፃቸው ግን ከቁመታቸው ጋር ተስማምቶ አያውቅም። ተማሪ ግዕዝ ሲያነብላቸው ዱላቸው ሥራ አይፈታም። የግዕዝ ቃል በድምፁ አነሣስና አጣጣል አራት ዓይነት ነው፤ ተነሽ ከሆነ ዱላቸውን ወደ ላይ ያነሣሉ። ወዳቂ ከሆነ መሬቱን ጓ ያደርጋሉ። ሰያፍ ከሆነ ያጋድሙታል። ተጣይ ከሆነ ጭራሽ ከእጃቸው ይለቁታል። ቢተው ይህን ባየ ቀን የልኬት እንጨቱን ጥሎ ቁጭ አለ። እንግሊዝኛው ሁሉ ጠፋበት። እዚህ ከአገሩ በሺህ ተራራ ማዶ፣ ጎርፍ ዳር፣ እሱ በወጣትነቱ መጽሐፍ ውስጥ ሲፈልገው የኖረው ነገር ዱላ ይዞ ያስተምራል!

"ተማሪ አርገው ይቀበሉኝ ይላል፣ የኔታ" ብዬ አስተረጎምኩለት።

የኔታ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ "እንኳን ደኅና መጡ፣ ከዚህ ይቀመጡ" ሲሉት ነበር። ይህን እንደሰሙ ፊታቸው ተለወጠ።

"እርስዎ እያልሁ ያረምሁት ተማሪ የለኝም" አሉ። "በል ና፣ ከዚህ ቁጭ በል!"

እንዲህ ሆኖ ተማሪ ሆነ። ከሥራ ስንመለስ በየቀኑ ይሄዳል፤ እኔም ለማስተርጎም አብሬ እቀመጣለሁ። የተሰጠው የማለዳ ጸሎት የመጀመሪያ መስመር ነበር። በንባብ ቤት ሕግ ተማሪው መስመሩን ያለ እንከን ሲጨርስ መምህሩ "ቀጥል" ይለዋል። ሳይባል ሁለተኛዋን መስመር አያያትም። ቢተው ሐምሌን ሙሉ አነበበ፤ "ቀጥል" ግን አልተባለም። የመስመሩ የመጨረሻ ቃል ወዳቂ ናት፤ መጣል አለባት። እሱ እዚያ ሲደርስ ያነሣታል። ዱላው መሬቱን ጓ ያደርጋል፣ "ጣላት!" ይባላል፣ እንደገና ይጀምራል፣ እንደገና ያነሣታል። ምነው ይኸን ያህል ስለው፣ እናቱ ስትጸልይ የጸሎቷን መጨረሻ እንደዚያ ወደ ላይ ታነሣ እንደነበር ነገረኝ። እዚያ ሲደርስ አፉ ወደ እሷ ይሄዳል። ይህንንም ለየኔታ አስተረጎምኩ።

"የእናትህን ለእናትህ ተውላት" አሉት የኔታ። "እኔ ዘንድ የእኔን ያዝ።"

ጭካኔ እንዳይመስላችሁ። በዚያ አገር ንባብ ሲበላሽ ሰምቶ ዝም ያለ ሰው ከአበላሺው እኩል ነው። ቅዳሴ ላይ ይሁን ቀብር ላይ፣ ስሕተት የሰማ ካህን ከተቀመጠበት ጮኾ ያርማል፤ አንባቢውም ሳይቀየም ደግሞ ያነባል። የኔታ በገዛ እናታቸው ቀብር ላይ እንባቸውን በነጠላቸው እየጠረጉ አንባቢውን አርመዋል ይባላል። አለቀሱም፣ አረሙም። አንዱ አንዱን አላስቀረውም።

አሁን ስለ በሬ ልንገራችሁ። ርእሱን አይታችሁ ስትጠብቁ እንደነበር አውቃለሁ።

ክረምት ሲገባ ፎገራ ሜዳነቱን ይተውና የጣና ታናሽ ወንድም ይሆናል። መንደሮቹ ጉብታ ጉብታው ላይ ይቀራሉ፤ ሰው ከጉብታ ጉብታ የሚሄደው ውሃ ዳር ከሚበቅለው ደንገል በተሠራ ታንኳ ነው። ጉም ሲወርድ መተያየት የለም፤ መጠራራት ብቻ ነው። ታዲያ እዚያ ሰው በውሃ ላይ በስሙ አይጠራም። በስምህ የሚጠራህ ውሃው የበላው ሰው ነው፤ አቤት ካልከው ይወስድሃል። ስለዚህ ሰውን የሚጠሩት በበሬው ስም ነው። ሙት በሬ የለውምና የበሬህን ስም የሚያውቅ ጠሪ በሕይወት ያለ ጎረቤትህ ነው። "ቡሬ! ቡሬ ሆይ!" ሲባል የቡሬ ጌታ አቤት ይላል። የሌላ ሰው በሬ ሲጠራ የሰማ ግን ትንፍሽ አይልም፤ የሰው ዕጣ ይወስዳላ! እንዲሁ "ማነው? ሰው አለ ወይ?" ለሚል ጩኸትማ ማን አብዶ ይመልሳል?

የኔታ ይህን ልማድ "ከንቱ ነገር!" እያሉ ይገሥጹ ነበር። የሚገሥጹት ደረቅ መሬት ላይ ሆነው ነው። ደረቅ መሬት ላይ ሆኖ የማይደፍር ማን አለ?

ነሐሴ ውስጥ፣ ከቀትር በኋላ ነው። እኔና ቢተው ጀልባዋን ደብሩ ካለበት ጉብታ ሥር አስረን ዝናቡ እስኪያባራ ዛፍ ተጠግተናል። ካሳ የሚባል ታንኳ ቀዛፊ ውሃው ከፀጉሩ እየተንጠባጠበ፣ በጉልበቱ እየዳኸ ከውሃው ወጣ። ማለዳ የኔታን ከማዶ መንደር ተዝካር ያደረሳቸው እሱ ነበር።

"የኔታን ደንገሉ ውስጥ ትቻቸው መጣሁ!" አለ፤ ጥርሱ ይንገጫገጫል። "ስንመለስ ደራሽ ጎርፍ መጣብንና መቅዘፊያየን ነጠቀኝ። ታንኳዋ ከደንገሉ ገብታ ተወተፈች። እሳቸው ዋና አያውቁ፤ ሰው ላምጣ ብየ በዋና መጣሁ። ታንኳዋ አሮጌ ናት፣ ጌቶቸ፤ ውሃ እየጠጣች ነው!"

የደንገል ታንኳ እንደ እንጨት ጀልባ አይገለበጥም። ቀስ ብሎ ውሃ እየጠጣ ይከብድና፣ እንደ ረጋ ሰው ዝም ብሎ ይወርዳል። አሮጌ ከሆነ ደግሞ ጥሙ ይብሳል። እስኪመሽ ካልደረስንላቸው የኔታ የሉም ማለት ነው። የሦስታችንም ልብ ይህን አውቆ ነበር። ጀልባዋ ውስጥ ዘለን ገባን።

ካሳ ቦታውን ያሳየናል ብለን ነበር። ግን ጉሙ ወርዷል፣ ዝናቡ ይወርዳል፣ ደንገሉ ሁሉ አንድ መልክ ነው። ደራሹም ታንኳዋን ይዟት ሳይንቀሳቀስ አልቀረም። ሞተሩን አጥፍተን ጆሮ ጣልን። ምንም። ከኋላችን፣ ከጉብታው ላይ፣ የመንደሩ ሰው ተሰብስቦ ይጮኻል፤ የሚጮኸው ግን ጩኸት ብቻ ነው፤ ስም የለበትም።

"ጥራቸው እንጂ!" አልኩት ካሳን።

ካሳ ዓይኑን አፈጠጠብኝ። "በማን ስም? በስማቸውማ አልጠራ። ቢሰሙም አቤት አይሉ።"

"በበሬያቸው ጥራ!"

"የኔታ ምን በሬ አላቸው?"

እውነቱን ነው። የኔታ መጽሐፍ አላቸው፣ ዱላ አላቸው፣ ተማሪ አላቸው። በሬ የላቸውም። ፎገራን የሚያህል የከብት አገር ውስጥ ተቀምጠው፣ በክፉ ቀን የሚጠሩበት አንድ ጥጃ እንኳ አላበጁም። ካሳ ቢጨንቀው የራሱን በሬ ስም እየጠራ ጮኸ፤ የሰው በሬ ነውና ከደንገሉ መልስ አልመጣም። ይህን ሁሉ ለቢተው በእንግሊዝኛ ስነግረው መጀመሪያ እብድ እንደሆንን ሁሉ አየን። ቀጥሎ በዚያ በተሰባበረ አማርኛው፣ "የኔታ በሬ..." አለና እጁን አፉ ላይ አደረገ፤ "ንባብ!"

ብድግ አለ። ጀልባዋ ልትገለብጠን ምንም አልቀራት። ኮፍያውን አወለቀ፤ ዝናቡ ራሱ ላይ እየወረደ፣ ያንን የማለዳ ጸሎት መስመር ድምፁን ከፍ አድርጎ ማንበብ ጀመረ።

እናንተዬ! እንደዚያ ሲያነብ ሰምቼው አላውቅም። ሐምሌን ሙሉ ከጎኑ ስቀመጥ እኔም ጆሮዬ ሠልጥኗል። ተነሹን አነሣው። ሰያፉን አጋደመው። ተጣዩን ለቀቀው። የመጨረሻይቱ ቃል ስትደርስ ትንፋሼን ያዝኩ። ጣላት! እንዴት አድርጎ ጣላት! ደስታዬ የመጣንበትን ሁሉ አስረሳኝና "ቀጥል!" ልለው ምንም አልቀረኝም።

ጆሮ ጣልን። ዝናቡ ደንገሉን ይመታል። ሌላ ድምፅ የለም።

ትንሽ ገፋ ብለን ሞተሩን አጠፋን። ደግሞ አነበበ። ያችኑ ጥርት ያለች ንባብ፣ አንዲት እንከን የሌላት። አሁንም መልስ የለም። ካሳ ፊቱን በእጁ ሸፍኖ፣ "ጠጥታለች፤ ታንኳዋ ጠጥታ ጨርሳለች" እያለ ያለቅስ ጀመር። የዚያን ጊዜ የተሰማኝ ፍርሃት ዛሬም ዝናብ ሲዘንብ ይመጣብኛል። ቢተው ሦስተኛ ጊዜ ሲጀምር ድምፁ ተሰበረ። አሁን እያነበበ አልነበረም። እየለመነ ነበር። እንደ ተማሪ ሳይሆን አልጋዋ አጠገብ ተንበርክካ እንደምትጸልይ ሴት፣ መስመሩን እያቃሰተ ሄደና የመጨረሻይቱን ቃል ወደ ሰማይ አነሣት።

ደንገሉ ፈነዳ።

"ጣላት! ጣላት እንጂ፣ አንተ ደረቅ! ወዳቂ ናት ብየ ስንቴ ልንገርህ!"

ከጀርባችን ነው። በጣም ቅርብ። ሁለት ጊዜ አልፈናቸው ሄደን ነበር ማለት ነው። ካሳ የጀልባችንን መቅዘፊያ ከእጄ ነጥቆ ደንገሉን እየሰነጠቀ ገባ። የኔታ የሰጠመች ታንኳቸው ላይ፣ እስከ ወገባቸው ውሃ ውስጥ ተቀምጠዋል። ጥምጥማቸው ከራሳቸው አልወረደም። ዱላቸው ወደ ላይ ተነሥቷል፤ በዚያች ደቂቃ መሬት ቢያገኙ ኖሮ ጓ ያደርጉት ነበር። ጎትተን ጀልባዋ ውስጥ ስንጥላቸው መጀመሪያ ያሉት ቃል "ተመስገን" አይደለም።

"እንደገና በል!" ነው ያሉት።

ቢተው እየሳቀ፣ እያለቀሰ፣ እንደገና አለ። እንደገናም አነሣት። እንደገናም ታረመ። ጉብታው እስክንደርስ ድረስ ሲያነብና ሲታረም ሄደ፤ ድምፃቸውን ከሩቅ የሰማው መንደር ግን ስሕተቱን ከእርማቱ አልለየም። እልልታው ውሃው ላይ ሲያስተጋባ፣ ከብቶቹ ሳይቀሩ አብረው አጓሩ። የጭቃና የዝናብ ቀን እንደዚያ ያለ ድል ሲያመጣ ከዚያ ወዲያ አላየሁም። እኔ ራሴ፣ ኮስታራው አስተማሪ፣ ጫማዬን አውልቄ ጭቃ ውስጥ እስክስታ ወርጃለሁ። የሚያስተባብል ሰው አሁን ወረታ ውስጥ የቀረ አይመስለኝም።

በሚቀጥለው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የኔታ ለምስጋና ቆመው ተናገሩ። ሕዝቡ ቅጥሩን ሞልቶታል።

"ውሃው ወገቤ ሲደርስ መልአክ ሲያነብ ሰማሁ" አሉ። "ሁለት ጊዜ። አንዲት እንከን የላት። እንደዚያ ያለ ንባብ በምድር ሰምቼ አላውቅም። በቃ መጥሪያየ መጣ ብየ እጄን አጣጥፌ፣ ዓይኔን ጨፍኜ ተቀመጥሁ። ሦስተኛ ይህ ቢተው መጥቶ ያችን ቃል ሲያበላሽብኝ ነው፣ ገና ምድር ላይ መሆኔ የገባኝ።" ዱላቸውን መሬት ላይ ተከሉ። "ደግሞም ልብ በሉ። መልአኩ ያነበበው በእኛ ደብር ሥርዓት ነው።"

ሕዝቡ እልልታውን አቀለጠው። እኔ ነገሩ ከነከነኝና እውነቱን ልናገር ልነሣ ስል ቢተው ኮቴን ይዞ አስቀመጠኝ።

"ተው" አለኝ በጆሮዬ። "መምህሩ 'ቀጥል' ያለው ተማሪ ብዙ ነው። መምህሩ መልአክ ያለው ግን ማን አለ?"

ፊቱ ያበራ ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሰው "የሩስያ ሰው ነህ?" ሲለው እንኳ ሰላምታ አይነፍግም።

ኅዳር ላይ ውሃው ሸሸ፤ ገበሬው ጭቃው ላይ ጓያና ሽምብራውን ዘራ፤ ለቢተውም ወደ ሌላ ወንዝ ሂድ የሚል ትእዛዝ መጣ። የሚለካ ውሃ በሌለበት ውሃ ለኪ ምን ያደርጋል? ሊሰናበት ሲሄድ አብሬው ሄድኩ። የኔታ ንባብ ቤት ውስጥ በተማሪዎቻቸው ተከብበው ተቀምጠዋል። ቢተው ሳይታዘዝ ከፊታቸው ቁጭ አለና የመጨረሻ ጊዜ መስመሩን አነበበ። ተነሹን አነሣ፤ ሰያፉን አጋደመ። የመጨረሻይቱ ቃል ደረሰች። አነሣት። ሆን ብሎ ይሁን አፉ ወደ እናቱ ሄዶበት፣ አልጠየቅኩትም።

የየኔታ ዱላ ከመሬት ተነሣ። ተማሪዎቹ ሁሉ ጓታውን ጠበቁ። ዱላው አየር ላይ ቆየ። የኔታ የቢተውን ፊት አዩት፤ ብዙ አዩት። ከዚያ ዱላውን ቀስ አድርገው፣ ሕፃን እንደሚያስተኙ ሁሉ፣ ጉልበታቸው ላይ አስተኙት።

"ቀጥል" አሉት።

ቢተው አፉን ከፈተ። ዘጋው። እንዴት ይቀጥል? ሁለተኛዋን መስመር መቼ አይቷት ያውቃል! ያ ረጅም ሰው ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኖ አለቀሰ። የኔታ ጠጋ አሉና፣ ያንን ነጎድጓድ ድምፃቸውን አለስልሰው፣ ሁለተኛዋን መስመር እሳቸው አነበቡለት።

እኔ ከዚያ ወዲህ ሲያርሙኝ አልቀየምም። የሚያርመኝ ሰው ደንገሉ ውስጥ እንዳለሁ ድምፄን ሰምቶታል ማለት ነው። ያለ እንከን የሚያነብማ፣ አያችሁ አይደል፣ መልአክ ይባልና መልስ ሳያገኝ ይቀራል። እናንተም በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያለ ቦታው የተነሣ ወይም ያለ ቦታው የወደቀ ቃል ካገኛችሁ አደራ ዝም አትበሉኝ። ከተቀመጣችሁበት ጮኻችሁ አርሙኝ። በሬ የለኝም።